የመርዶ ዳይሬክተር

መልከጼዴቅ ዳይሬክተሮችን ይንቃል። ንቀቱ ከልምድ የመጣ ነው። ሰበታ ውስጥ ከጎማ ጠጋኝ በላይ ባለች አንዲት ክፍል ተቀምጦ ለዓመታት ፊልም ሲቆርጥና ሲቀጥል፣ የዳይሬክተር ጉድ ሁሉ ያለፈው በእሱ እጅ ነው። ተዋናዩ የሚስቱን ስም ሲረሳ፣ ማይክሮፎኑ ከጣሪያ ሲንጠለጠል፣ የሞተው ሰውዬ በሬሳ ሳጥን ውስጥ ሲያስነጥስ ያየው እሱ ነው። ሕዝቡ የሚያየው ታጥቦና ተተኩሶ ነው።

«ዳይሬክተር ይበትናል፣ ኤዲተር ይለቅማል» ይላል። «ፊልሙን የሚሠራው የለቀመው ነው።»

ይህን ስብከት የምትሰማው ሚስቱ ትጊ ናት። እሷ አጠገቡ ባለው ኮምፒውተር የሠርግ ቪዲዮ ትቆርጣለች። ቤቱ የሚተዳደረው በሠርግ ነው። ፊልም የመልከጼዴቅ ክብር ነው፤ ክብር ደግሞ ሽሮ አይገዛም።

ክብሩን በየጊዜው የሚያመጣለት ወንዲ የሚባል የቡራዩ ዳይሬክተር ነበር። ወንዲ አንድ የጸና እምነት ነበረው፤ «በኤዲቲንግ ይስተካከላል» ይል ነበር። ትዕይንቱ መሐል ዝናብ ቢመጣ በኤዲቲንግ ይስተካከላል። ካሜራማኑ ደክሞት ሰማዩን ቢቀርጽ በኤዲቲንግ ይስተካከላል። አንድ ጊዜ መሪ ተዋናይቷ ተጣልታው ፊልሙን ግማሽ ላይ ጥላ ሄደች። የቀረው ግማሽ የተሠራው በትጊ ጀርባ ነው። ትጊ ነጠላ ለብሳ፣ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ቆመች፤ ድምፁን ሌላ ሴት ሞላችው። ተመልካቹ የጀርባዋን ሐዘን አደነቀ።

ምርቃቱ ቀን አበባ የሚታቀፈው ወንዲ ነው። ንግግር የሚያደርገውም፣ እናቱን አመስግኖ የሚያለቅሰውም ወንዲ ነው። የመልከጼዴቅ ስም የሚመጣው መጨረሻ ላይ፣ መብራት በርቶ ሰው በር ላይ ሲጋፋ ነው። አንዴ አማቱን ይዟቸው ሄደ።

«ስምህ የታለ ልጄ?» አሉት።

«አለፈ፣ እማማ።»

«መቼ?»

«እርስዎ ነጠላዎን ሲያጣፉ።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ አንድ ነገር ብቻ ተመኘ። ስሙ ፊልም ላይ በፊት፣ ብቻውን፣ በትልቁ እንዲወጣ ነው፤ «ዳይሬክተር መልከጼዴቅ ሀብተወልድ» ተብሎ። የሚንቀውን ማዕረግ እንዴት እንደሚመኝ ትጊ ጠይቃው ታውቃለች። «አንቺ አይገባሽም» አላት። ገብቷት ነበር።

*

ምኞቱ ደጁ ድረስ የመጣው በላስቲክ ጫማ በኩል ነው።

ሰበታ መግቢያ ላይ ያለ አንድ የላስቲክ ጫማ ፋብሪካ ዓመታዊ በዓሉን አስቀርጾ ቪዲዮውን እንዲቆርጡት ለእነመልከጼዴቅ ሰጠ። ሥራ አስኪያጁ ሚስተር ዌይ አጭር፣ ዝምተኛ፣ አምስት ዓመት ኢትዮጵያ ኖሮ «እሺ»ና «ነገ» ብቻ የተማረ ሰው ነው። ሁለቱ ቃላት ሥራውን ሁሉ ይሸፍኑለታል። ቪዲዮው ሲደርስ ሚስተር ዌይ ራሱን አየ፤ በፋብሪካው ግቢ ቀስ ብሎ ይራመዳል፣ ነፋስ ኮቱን ያነሣዋል፣ ጫማዎቹ በግራና ቀኝ ተደርድረው ያጅቡታል። ያን ያደረገችው ትጊ ናት። ለሙሽራ የምታደርገውን ነው ያደረገችለት። ምስጋናውን ግን የተቀበለው መልከጼዴቅ ነው፤ ለበሩ ቅርብ ተቀምጦ ስለነበረ።

ሚስተር ዌይ አስተርጓሚውን ፈቀደን ይዞ ደረጃውን ወጣ። ፈቀደ ቻይና ተምሮ የመጣ፣ ማስተርጎም የሰለቸው ልጅ ነው።

«ሰውዬው ፊልም ጽፏል» አለ ፈቀደ፣ ወንበር ሳይጠብቅ ተቀምጦ። «አዲስ አበባ ያሉት ቻይናዎች የቻይንኛ አጭር ፊልም ውድድር አላቸው። ተመዝግቧል። ዋናውን ሰው ራሱ ይሠራል። ዳይሬክተር ታውቃለህ ወይ ነው የሚለው።»

«እኔ ነኝ በለው።»

«አንተ ኤዲተር አይደለህም?»

«ተርጉም እንጂ አትመርምር።»

«ቻይንኛ ታውቃለህ?»

«ወንዲስ አማርኛ ያውቃል?»

ፈቀደ ተረጎመ። ሚስተር ዌይ «እሺ» አለ።

በሳምንቱ መልከጼዴቅ ኪሰ ብዙ ሰደርያ ገዛ። ኪሶቹ ውስጥ የሚከተው ስላልነበረው አንዱ ውስጥ የቤቱን ቁልፍ፣ ሌላው ውስጥ ማስቲካ አደረገ። ወንበሩንም ለትጊ ለቀቀላት።

«ፊልሙን አንቺ ነሽ ኤዲት የምታደርጊው። ዳይሬክተር የራሱን ሥራ አይቆርጥም።»

«ለምን?»

«ሰው የራሱን ፀጉር ይቆርጣል?»

*

የሚስተር ዌይ ድርሰት አንድ ገጽ ነበር። ፈቀደ በአንድ ትንፋሽ ተረጎመው፤ አገር ርቆ የሚሠራ ሰው እናቱ መሞቷን በስልክ ይሰማል። ስልኩን ያስቀምጣል። ኢንዶሚውን ይበላል። ወደ ሥራው ይመለሳል።

«ከዚያስ?» አለ መልከጼዴቅ።

«አለቀ።»

«አያለቅስም?»

«አያለቅስም።»

«ማንም አይመጣም? ጎረቤት የለውም? የሥራ ባልደረባ? ጠላት እንኳ ቢሆን?»

«መልኬ፣ አለቀ አልኩህ። ኢንዶሚ ይበላል።»

መልከጼዴቅ አዘነ። ሰው መርዶ በስልክ፣ ብቻውን፣ አፉን ሞልቶ አይረዳም። ድርሰቱ ጎዶሎ መሰለው፤ ጎዶሎውን የሚሞላው ደግሞ ዳይሬክተር ነው።

መጀመሪያ ግን የፋብሪካው ትዕይንት ተቀረጸ። እዚያ መልከጼዴቅ ያደረገውን ያየ ሰው ወንዲ ሰደርያ ለብሶ የመጣ ይመስለዋል። ሚስተር ዌይ የጫማ ካርቶን ከዚህ ወደዚያ ያነሣል፤ በቃ፣ ይኸው ነው። መልከጼዴቅ ካርቶኗን ደጋግሞ አስነሣት። በመጀመሪያው «ነፍስ የለውም» አለ። ቀጥሎ ነፍስ በዛ። ቀጥሎ ካርቶኑ ተቀደደ።

«ንገረው» አለው ፈቀደን። «ይህ ካርቶን ካርቶን አይደለም። ስደት ነው። የተወው አገር ነው። ከጀርባው የእናቱ ድምፅ እየጠራው፣ እሱ ግን ዞር ማለት እየፈራ፣ በአንድ በኩል ተስፋ፣ በአንድ በኩል…»

ፈቀደ ለሚስተር ዌይ ሁለት ቃል ተናገረ።

«ምን አልከው?»

«‹ይክበድህ› አልኩት።»

«እኔ ያልኩት ይህን ነው?»

«በቻይንኛ ያጥራል።»

ካሜራማኑ ማቲ ሳቁን ለመደበቅ ሌንሱን ይወለውል ጀመር። ማቲም የሠርግ ሰው ነው፤ አንድ ሕግ ብቻ ያውቃል። ሠርግ ላይ ካሜራ አይጠፋም፤ ያጠፋህ ዕለት ሙሽራዋ ትወድቃለች። ስለዚህ «ከት» እስካልተባለ ድረስ ይቀርጻል። መልከጼዴቅ ደግሞ «አክሽን» ማለት ስለጣመው «ከት» ማለቱን ይረሳል። ማታ ትጊ ፊት የሚፈሰው ምስል ለሁለት ሠርግና ለአንድ መልስ ይበቃ ነበር።

*

መልከጼዴቅ የሱሉልታ ልጅ ነው። ያደገበት ዕድር ድንኳን አለው፣ አግዳሚ ወንበር አለው፣ ጡሩንባ ነፊ አለው፣ ከሁሉ በላይ ማልቀስ የሚችል ሕዝብ አለው። የዕድሩ ዳኛ ኦቦ ቱፋ ይባላሉ፤ ሕፃን ሳለ ከጉድጓድ ያወጡት ሰው ናቸው፣ ዛሬም አንዳንዴ ያስታውሱታል።

«አከም ጅርታ፣ ፊልመኛው» አሉት።

«ደኅና ነኝ ኦቦ። ልቅሶ ፈልጌ ነው።»

«ማን ሞተ?»

«ማንም። የቻይናው እናት ነች፤ በፊልሙ ውስጥ።»

ኦቦ ቱፋ አሰቡ። ለሞተ ሰው ማልቀስ ግዴታ ነው፣ ላልሞተ ማልቀስ ግን ውለታ ነው።

«ድንኳኑን እንሰጥሃለን። ሕዝቡም ይመጣል። ግን ልጄ፣ ባለፈው የጎረቤታችን የነገሠ ሠርግ ላይ ምን ሆነ? ቪዲዮው መጣ፣ እኔ አልታየሁም። ወጥ ቤት ያለው ውሻ ታይቷል።»

«ያን እኛ አልሠራነውም።»

«ማንም ይሥራው። እዚህ ግን የመጣ ሁሉ ይታያል። ፊት ለፊት። ያልታየ ሰው እንዳልመጣ ነው፤ ልቅሶ የቀረ ደግሞ ይቀጣል።»

«ሁሉም ይታያሉ ኦቦ። ዳይሬክተሩ እኔ አይደለሁ?»

ቃሉን ሰጠ። የሠርግ ቪዲዮ የቆረጠ ሰው ሁሉ ይህን ቃል ያውቀዋል። ሙሽሮቹ ቢቀሩ ይቅርታ ይገኛል፤ የሙሽራው አጎት ሲጎርስ ካልታየ ግን ዘር ይጣላል።

አንድ ነገር ቀረ፤ የሟች ፎቶ። ያለ ፎቶ ልቅሶ አይደምቅም። ቻይናዊት አሮጊት ከየት ትመጣለች? መልከጼዴቅ ሚስተር ዌይ ቢሮ ውስጥ ግድግዳው ላይ አንድ ፎቶ አይቶ ነበር፤ ነጭ ፀጉር ያላቸው፣ የማይስቁ፣ የሹራብ ቁልፋቸውን እስከ አንገት የቆለፉ እናት። በስልኩ አነሣት። ቡራዩ ወስዶ በትልቅ ባነር አሳተማት፣ ዙሪያዋን በጥቁር አስከበበ፣ ከሥሯ «ነፍስ ይማር» አስጻፈ።

«ሰውየውን አስፈቀድክ?» አለችው ትጊ፣ ባነሩ ሲዘረጋ።

«ጥበብ ፈቃድ አይጠይቅም።»

«ሴትየዋ አሉ አይደል እንዴ?»

«በፊልሙ ውስጥ የሉም።»

«መልኬ፣ ለሚስተር ዌይ ቢያንስ ስለ ልቅሶው ንገረው።»

«አልነግረውም። ካወቀ ይተውናል። ሳያውቅ ይግባና ፊቱ እውነቱን ያውጣ። ይህ ነው ዳይሬክቲንግ ማለት።»

ፈቀደ ቢኖር ምናልባት ያስቆመው ነበር። ፈቀደ ግን የዚያን ጠዋት ለፋብሪካው ጉዳይ ጉምሩክ ተልኮ ነበር። ለሚስተር ዌይ ያደረሱለት መልእክት «ሱሉልታ፣ ዳገት ላይ የሚሄድ ሰው እንቀርጻለን» የሚል ብቻ ነው።

*

ሚስተር ዌይ ዝምተኛ ነው እንጂ ዕውር አይደለም። በአምስት ዓመት ውስጥ በፋብሪካው በር ላይ መርዶ ደጋግሞ አይቷል። ጠዋት ሽማግሌዎች ይመጣሉ፤ ሠራተኛዋን ያስጠራሉ፤ ሠራተኛዋ ገና ሰዎቹን ስታይ ትወድቃለች። ማንም ምንም መናገር አያስፈልገውም፤ የሰዎቹ መሰብሰብ ራሱ ወሬው ነው። ሚስተር ዌይ ይህን ሥርዓት ከብዙ የከተማ ልጆች በላይ ያውቀዋል። ፈቃድ የሚፈርመው እሱ ነውና።

ዳገቱን ወጣ። ጭጋጉ ባሕር ዛፉ ላይ ተኝቷል። ድንኳን አየ። ነጠላቸውን ያዘቀዘቁ ሰዎች አየ። በመሐል እናቱን አየ፤ የሰው ቁመት አክለው፣ በጥቁር ተከበው።

ጡሩንባው ተነፋ። ሴቶቹ «ሃርሜ ኮ! ሃርሜ ኮ!»፣ እናቴን፣ እናቴን እያሉ ደረታቸውን መቱ። አንዷ ስለ አገር ሙሾ አወጣች፤ ባሕር ማዶ ስለተቀበረች እናት፣ አፈር ስላላለበሰ ልጅ። ለፊልም የጀመሩት ልቅሶ እውነተኛ ሆነ፤ እዚያ የቆመ ሁሉ የየራሱን ሟች አስታወሰ። ኦቦ ቱፋ ቀርበው የሚስተር ዌይን ትከሻ ያዙ።

«በርታ» አሉት። «ወንድ ነህ።»

ሚስተር ዌይ ካለበት ቁጭ አለ።

«አያችሁ!» አለ መልከጼዴቅ በሹክሹክታ። «አያችሁ ፊቱን! ቅረበው ማቲ፣ ቅረበው! አሁን ወደ ሕዝቡ ዙር፤ በተርታ፣ ኦቦን አትዝለል!»

ሚስተር ዌይ መሬት ላይ እንደተቀመጠ ስልኩን አወጣ። ኔትወርክ የለም። ተነሣ፣ ሰዎቹን እየገፋ ወጣ፣ ከድንኳኑ ጀርባ ወዳለው ከፍታ ሮጠ፣ ስልኩን ወደ ሰማይ አነሣ። መልከጼዴቅ ያኔ ገባው። እጁን ራሱ ላይ ጫነና ደርቆ ቆመ። «ከት» ማለቱን ረሳ። ማቲ ደግሞ ካልተባለ አያጠፋም፤ ተከተለ።

ስልኩ ጠራ። ተነሣ። ከወዲያ የአሮጊት ድምፅ መጣ፤ የተቆጣ፣ ጤነኛ።

ሚስተር ዌይ አጭር ነገር ተናገረ። ከዚያ ዝም ብሎ አዳመጠ። አዴ ማሪቱ የሚባሉ የዕድሩ እናት ሐዘንተኛ ባዶ ሆዱን አይቀመጥም ብለው ንፍሮ በሰሐን ይዘው ቀረቡና በእጁ አስጨበጡት። ሰውየው በአንድ እጁ ስልኩን ጆሮው ላይ ይዞ፣ በሌላው የጨበጠውን ንፍሮ አንድ አንድ እያለ ይበላ ጀመር። ድንጋይ ላይ ተቀምጦ፣ እናቱ እየተቆጡት፣ ራሱን እየነቀነቀ በላ።

ሲጨርስ ተመለሰ። አልጮኸም። ባነሩን አውርዶ፣ መሬት ሳያስነካ በጥንቃቄ አጣጠፈው፣ ታቅፎት ወደ መኪናው ሄደ። ከአማርኛው «እሺ»ንም «ነገ»ንም አላወጣም።

ኦቦ ቱፋ ተጠጉ። «ጥሩ ነው የሠራው። እኔስ ታየሁ?»

*

በማግስቱ ፈቀደ ደወለ።

«ሰው ነህ ግን? የሰው እናት በቁሟ ቀበርክ!»

«ፊልሙ ቀረ?»

«የሚያሳስብህ እሱ ነው? ሰውየው ተመዝግቧል፣ ለወዳጆቹ ሁሉ ተናግሯል፣ መቅረት ያፍራል። ካለቀ በኋላ አየዋለሁ ብሏል። ከተናደደ ይቀራል። ስምህም ሥራህም ይቀራል።»

መልከጼዴቅ ከትጊ ጀርባ ወንበር ስቦ ተቀመጠ። ወንዲ ይቀመጥበት የነበረው ቦታ ነው። ማስቲካውን እያኘከ ስክሪኑን በጣቱ ይነካ ጀመር።

«እዚህ ላይ ሙዚቃ ግቢበት። እዚህ ኦቦን አምጪ። የባነሩ ነገር እንኳ… በኤዲቲንግ ይስተካከላል።»

ትጊ የጆሮ ማዳመጫዋን አውልቃ ዞረች።

«ምን አልክ?»

«ምንም።»

«አይ፣ ድገመው። ቴክ ሁለት።»

ሰደርያውን ለብሶ ወጣ። ትጊ በሩን ቆለፈች። ለፈቀደ ደውላ ሰውየው በስልኩ ለእናቱ ምን እንዳለ እንዲነግራት ቅጂውን አሰማችው።

«‹እማ፣ በልተሻል?› ነው ያለው» አለ ፈቀደ። «ሌላ ምንም አላለም። እሷ ናት ስለ ብርድና ስለ ካልሲ የምታወራው። ለምን እንደደወለ አልነገራትም።»

ትጊ መቁረጥ ጀመረች። ጡሩንባው ወጣ። ባነሩ ወጣ። ሙሾ አውጪዋ ወጣች። ኦቦ ቱፋ ወጡ። ካርቶኑ ከነስደቱ ወጣ፤ አንዲት ጊዜ ብቻ ሲያነሣት ቀረ። ሰውየው ጭጋግ ውስጥ ዳገት ይወጣል፤ አንድ ነገር ያያል፤ ያየውን እኛ አናይም። ይሮጣል፣ ይደውላል፣ «በልተሻል?» ይላል። የአንዲት ሴት እጅ ንፍሮ ያስጨብጠዋል። ይበላል። አለቀ።

መልከጼዴቅ ሲያይ ጮኸ። «ሕዝቡስ? ለኦቦ ቃል ገብቻለሁ! ሁሉም ይታያሉ ብዬ!»

«ሠርግ ነው እንዴ?»

«ልቅሶ ነው። ልቅሶ ይብሳል!»

«እነሱን ካስገባሁ ባነሩ ይገባል። ባነሩ ከገባ ሰውየው ፊልሙን ያስቀረዋል፤ ስምህም አብሮ ይቀራል። ምረጥ።»

መረጠ። ለረጅም ጊዜ አላሰበም።

ሚስተር ዌይ መጥቶ አየ። ቆሞ አየ። ድገሙልኝ አለ፣ ሁለተኛውን ተቀምጦ አየ። ከዚያ ፈቀደን አንድ ነገር ጠየቀው።

«ይህን ማን ሠራው ይላል።»

ታች ጎማ ጠጋኙ ጎማ ሲነፋ ይሰማል። ትጊ ማውሱን ታያለች። መልከጼዴቅ ጉሮሮውን ጠረገ። በዚያች ክፍል ለዓመታት የሰበከው ስብከት እግሩ ሥር ነበር፤ ረግጦት አለፈ።

«ፊልም የሚሠራው… ዳይሬክተሩ ነው።»

«ተርጉምለት ፈቄ» አለች ትጊ። «ዳይሬክተሩ ነው በለው።»

ሰዎቹ ሲወጡ ስሙን ጻፈችለት፤ ከፊት፣ ብቻውን፣ በጥቁር ላይ ነጭ።

«ይበቃሃል ወይስ ላሳድገው?»

«ትንሽ ብታሳድጊው። ቶሎም አይለፍ።»

*

ውድድሩ አዲስ አበባ አንድ የሆቴል አዳራሽ ውስጥ ነበር። ከሱሉልታ ሁለት ሚኒባስ ሰው መጣ። ማንም አልጠራቸውም፤ ራሳቸውን ለማየት ለሚመጣ ሰው ጥሪ አያስፈልገውም። ነጠላቸውን አሳምረው፣ ከቻይናዎቹ ኋላ ሁለት ረድፍ ሞሉ።

ስሙ ወጣ። ትልቅ ነበር። ቶሎም አላለፈም። አዳራሹ በእልልታ ተናጋ፤ ቻይናዎቹ ዞረው አዩ። መልከጼዴቅ ዓይኑ እንባ አቀረረ። አማቱ አጠገቡ ነበሩ። «ይኸው እማማ» አላቸው።

«አየሁት ልጄ። መቼ ነው የሚያልፈው?»

ፊልሙ ተጀመረ፤ አለቀ። ቻይናዎቹ አጨበጨቡ፤ አንዳንዶቹ ስልካቸውን አውጥተው ወደ ውጭ ወጡ፣ የሚደውሉለት ሰው ያላቸው ናቸው። ኋላ ያሉት ሁለት ረድፎች ግን ዝም አሉ። አዴ ማሪቱ ብቻ «እጄ! የኔ እጅ ነው! ቀለበቴን አያችሁ?» ይሉ ነበር፣ ይህም ለሌላው ቁስል ላይ ጨው ሆነ።

ፊልሙ ሦስተኛ ወጣ። የተወዳደሩት አራት ነበሩ።

ውጭ፣ ሻይና ብስኩት በተዘረጋበት ኮሪደር፣ ኦቦ ቱፋ ዳይሬክተሩን አገኙት።

«ልጄ፣ ለማናውቃት ሴት አለቀስን። ጡሩንባ ነፋን። የት አለን?»

«ኦቦ…»

«ስምህን አይተናል። ከዚህ እስከዚያ ድረስ ነው። አንተ ብቻ ነህ የታየኸው።»

«በነገሠ ሠርግስ ቢያንስ የሠራው የማናውቀው ሰው ነው እንል ነበር» አለ ጡሩንባ ነፊው።

«ዱጋ ነው!» አሉ ከኋላ። እውነት ነው ማለታቸው ነው። ክበቡ ጠበበ። ኤዲተር በነበረበት ዘመን መልከጼዴቅ እንዲህ ያለ ክበብ መሐል ቆሞ አያውቅም፤ ስሙን ያነበበ ስላልነበረ የሚወቅሰውም አልነበረም። ወደ በሩ አየ፤ ሩቅ ነው። ትጊን አየ፤ ብስኩት ይዛ ቆማለች።

«እኔ አይደለሁም!» ብሎ ጮኸ። «እኔ አንዳችሁንም አልቆረጥኩም! ሁላችሁንም ቀርጫለሁ፣ በተርታ! የቆረጠችው እሷ ናት! በር ቆልፋ ነው የሠራችው፤ እኔ ውጭ ነበርኩ! ፊልሙ የሷ ነው!»

ሚስተር ዌይ ሦስት ሰው ርቀት ላይ የሻይ ኩባያ ይዞ ቆሞ ነበር። አጠገቡ ፈቀደ በዝግታ እየተረጎመ ነው። ሚስተር ዌይ ኩባያውን አስቀመጠ። ትጊ ፊት ሄዶ በሁለት እጁ ጨበጣትና ጎንበስ አለ።

«ምን አላት?» አለ መልከጼዴቅ።

«ቀጣዩን የሚሠራልኝን ሰው አገኘሁ ነው የሚለው።»

ወደ ሰበታ ሲመለሱ፣ ሚኒባሱ አየር ጤና ሲደርስ መልከጼዴቅ ጠየቃት።

«ስሜን ታነሺዋለሽ?»

«አልነካውም» አለች ትጊ በመስኮቱ እያየች። «ሰው ሁሉ ፊት ፊልሙን ሰጠኸኝ። ስሙን አንተ ያዘው።»

*

ዕድሩ ተሰበሰበ። ውሳኔው አንድ ዐረፍተ ነገር ነበር፤ «ልቅሷችንን አምጣ።»

መልከጼዴቅ ወደ ወንበሩ ተመለሰ። የተጣለውን ሁሉ ለቀመ። ኦቦ ቱፋ ትከሻ ሲይዙ አስገባ፤ ከግራም ከቀኝም። ጡሩንባ ነፊው ጡሩንባውን ሲያነሣ፣ ሲነፋ፣ ሲያወርድ፣ ምራቁን ሲጠርግ አስገባ። አልቃሾቹን በየተራ፣ ለማንም ሳያዳላ ደረደረ። ባነሩን አደበዘዘው። ሱሉልታ የተሰበሰበ ሕዝብ ለአንድ ደብዛዛ አራት ማዕዘን ደረቱን እየመታ ያለቅሳል። ፊልሙ ከአንድ መልስ ቪዲዮ ይረዝማል። ስሙን ከፊት አደረገ፤ ከኋላም ደገመው።

በአንድ እሑድ ዕድሩ አዳራሽ ውስጥ አንሶላ ተወጥሮ ታየ። ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ማንም አልተነሣም። ሰዎች ራሳቸውን ሲያለቅሱ አይተው እንደገና አለቀሱ። ሲያልቅ ተሻምተው አቀፉት። ኦቦ ቱፋ መረቁት፤ ከዚያ ቀን ጀምሮም በስሙ የጠራው የለም፤ ገበያም ቢሆን፣ ታክሲ ውስጥም ቢሆን «ዳይሬክተር» ነው የሚሉት። ትጊ ያን እሑድ አልነበረችም። ከሚስተር ዌይና ከፈቀደ ጋር ለአዲሱ ፊልም ቦታ ልታይ ለገዳዲ ሄዳ ነበር።

ሰኞ ጠዋት ስልኩ ጠራ። ደዋዩ የማያውቀው የሱሉልታ ሰው ነው።

«ዳይሬክተር?»

መልከጼዴቅ ቃሏን አጣጣማት። «አዎ፣ ነኝ።»

«የእነኦቦ ቱፋን ልቅሶ አይቼ ነው። በጣም አሪፍ ነው። አባቴ ታመዋል፤ ሐኪሞቹ ተስፋ የለውም ብለዋል። ቅዳሜን ያዝልን።»

መልከጼዴቅ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን የቀን መቁጠሪያ አየ።

«ቅዳሜ ሠርግ አለኝ» አለ። «እሑድ ቢሆንላቸውስ?»